ፊልም ያልተቀረጸበት ካቴድራል፦ የዲኖቺታ ስቱዲዮ ጉዳይ

ለመጻፍ ያነሳሳኝ

አምና አንድ የማውቀው ፕሮዲዩሰር ጠርቶ አማከረኝ። ከከተማ ወጣ ብሎ መሬት አለው። «በየፊልሙ ቤት መከራየት፣ አከራይ በተቀየመኝ ቁጥር ዕቃ ጭኖ መውጣት ሰለቸኝ። የራሴን ስቱዲዮ ልሥራ» አለኝ። «ተው» ለማለት አልደፈርኩም፤ «ግፋበት» ለማለትም አፌ አልፈታ አለኝ። በምትኩ የአንድ ጣሊያናዊ ፕሮዲዩሰር ታሪክ ነገርኩት። ስነግረው እየዘለልኩ ስለነበር ሙሉውን በጽሑፍ ላስቀምጠው ወሰንኩ።

የጉዳዩ ባለቤት ዲኖ ዴ ላውሬንቲስ ነው። ስቱዲዮው በስሙ ስለተጠራ ስሙን መደበቅ ዋጋ የለውም። ከእርሱ ጋር የተጋጨው ዳይሬክተር ፌዴሪኮ ፌሊኒም እንደዚያው። ዲዛይነሮቹን፣ ተዋንያኑን፣ ጠበቆቹንና አናጢዎቹን ግን በሥራ ድርሻቸው ብቻ እጠራቸዋለሁ። ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ስለ ሁለት ቃላት አንድ ነገር ልበል። እኛ ዘንድ «ፕሮዲዩሰር» ሲባል ብዙ ጊዜ ገንዘብ ያወጣው ሰው ነው። በዚያ ዘመን ጣሊያን ግን ፕሮዲዩሰር ታሪኩን የሚመርጥ፣ ዳይሬክተሩንና ተዋንያኑን የሚያገናኝ፣ ብድሩን የሚያፈላልግ፣ ፊልሙን ገና ሳይቀረጽ ለአከፋፋይ የሚሸጥ ሰው ነው። ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ደግሞ ካሜራው የሚያየውን ዓለም የሚነድፍ ነው፤ ግድግዳው፣ በሩ፣ ጎዳናው፣ ቀለሙ የእርሱ ነው። አንዱ ያመጣውን ገንዘብ ሌላው ወደ ሚስማርና ጀሶ ይለውጠዋል። ጀሶ፣ ቡሎን፣ ላሜራ የምንላቸው ቃላት ከዚያው አገር የመጡ ናቸውና የእኛም አናጢ ሥራ ላይ ሲሆን ሳያስበው ጣሊያንኛ ይናገራል። ይህ ጉዳይ የተፈጠረው ገንዘቡ ጀሶ በሚሆንበት ቦታ ላይ ነው።

ሰውየው ከስቱዲዮው በፊት

ዴ ላውሬንቲስ በ1919 ከኔፕልስ አጠገብ ባለችው ቶሬ አኑንዚያታ ተወለደ። ቤተሰቡ ፓስታ ያመርት ነበር፤ እርሱም በልጅነቱ የፋብሪካውን ፓስታ እየዞረ ሸጧል። በኋላ ሮም ሄዶ በመንግሥቱ የሲኒማ ትምህርት ቤት ገባ። በ1940ዎቹ መጀመሪያ ገና ሃያዎቹን ሳያጋምስ ፊልም ያሠራ ነበር።

ስሙን ያስጠሩትን ፊልሞች ስመለከት አንድ ነገር ይታየኛል። በ1949 የወጣው «መራራ ሩዝ» የተቀረጸው በሰሜን ጣሊያን በእውነተኛ የሩዝ ማሳ ላይ ነው። ከሌላ ፕሮዲዩሰር ጋር ሆኖ ያሠራው የፌሊኒ «ላ ስትራዳ»፣ ስሙ «መንገዱ» ማለት እንደሆነ ሁሉ፣ በመንገድና በትንንሽ ከተሞች የተቀረጸ ነው። ይህ ፊልም በ1957 በውጭ ቋንቋ ፊልም ዘርፍ ኦስካር አገኘ፤ በቀጣዩ ዓመት ደግሞ የፌሊኒና የዴ ላውሬንቲስ ሌላ ፊልም ያንኑ ሽልማት ወሰደ። በ1961 የወጣው «በርባን» ብዙ ገንዘብ የፈሰሰበት ትልቅ ሥራ ነበር። ቢሆንም የግላዲያተሮቹ ትርዒት የተቀረጸው ከሮማውያን ዘመን ጀምሮ ቆሞ ባለው የቬሮና አሬና ነው። ለስቅለቱ ትዕይንት ደግሞ የካቲት 15 ቀን 1961 ማዕከላዊ ጣሊያንን ያጨለመውን የፀሐይ ግርዶሽ ጠብቀው ቀረጹ። ለዚያ ጨለማ ዲዛይነሩ አንድ ሚስማር እንኳ አላስመታም።

እስከዚህ ድረስ ሰውየው የሌላ ሰው ግድግዳ ይከራያል፣ ወይም እግዜር የሠራውን ይጠቀማል። ፊልሙ ሲያልቅ ዕዳው ከፊልሙ ጋር ያልቃል። ይከስርም ያትርፍም፣ በማግስቱ ጠዋት የሚጠብቀው ባዶ አዳራሽ አልነበረውም።

ስቱዲዮው ለምን እዚያ ቦታ ተሠራ

በ1950ዎቹ መጨረሻና በ1960ዎቹ መጀመሪያ ሮም በፊልም ሥራ ተጨናንቃ ነበር። በ1937 የተከፈተውና በመንግሥት እጅ የነበረው ቺኔቺታ ስቱዲዮ የአሜሪካ ኩባንያዎች ግዙፍ ታሪካዊ ፊልሞች የሚሠሩበት ቦታ ሆነ። ዴ ላውሬንቲስም ለአሜሪካ ገበያ የሚሆን ትልቅ ፊልም ማሠራት ጀምሮ ነበር። ኪራይ ለሌላ ከመክፈል የራስን መገንባት የሚለው ሐሳብ የመጣው በዚህ ጊዜ ነው። የኔ ወዳጅም ሐሳብ ከዚህ የተለየ አይደለም።

ስቱዲዮው የተሠራው ከሮም በስተ ደቡብ፣ በፖንቲና ጎዳና ላይ፣ ካስቴል ሮማኖ በሚባል ቦታ ነው። «ቺታ» ከተማ ማለት ስለሆነ ሕዝቡ ቺኔቺታን እያስታወሰ፣ ግማሽ በቀልድ ግማሽ በአድናቆት፣ «ዲኖቺታ» አለው፤ የዲኖ ከተማ።

የቦታው ምርጫ ብልህነት ነበረው። ጣሊያን በ1950 ድሃውን የአገሪቱን ደቡብ ለማልማት አንድ ልዩ ፈንድ አቋቁማ ነበር። የፈንዱ ወሰን ከሮም በታች ካለው አካባቢ ይጀምራል፤ ስቱዲዮውም ወሰኑ በሚጀምርበት ላይ ተተከለ። እንዲህ ሆኖ ተዋናዩ ከሮም ሆቴሉ በመኪና ተነስቶ ቶሎ ይደርሳል፤ በወረቀት ላይ ግን ግቢው «ደቡብ» ስለሆነ ድጋፉ ይገባዋል። ነጋዴ ነው፤ አልፈርድበትም።

ያልታሰበበት ግን ይህ ነው። ድጋፉ ግድግዳውን ለማቆም ይረዳል እንጂ በግድግዳው ውስጥ ሥራ እንዲኖር አያደርግም። የቀረጻ አዳራሽ ካሜራ ቢዞርም ባይዞርም ዘበኛ፣ መብራት፣ ጣሪያ ጠጋኝ፣ ግብር ይፈልጋል። ጥሩ አናጢና ቀለም ቀቢ ደግሞ ሦስት ወር ሥራ ፈቶ ከተቀመጠ ሌላ ጋ ይሄዳል፤ ስለዚህ እንዳይሄድ ይከፈለዋል። ይህ ወጪ በየትኛውም ፊልም በጀት ውስጥ በግልጽ አይታይም።

የኖኅ መርከብ

ግቢው መጀመሪያ ላይ ልኩን አገኘ። ዴ ላውሬንቲስ መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ፊልም ለማምጣት ተነሣ። ውጥኑ መላውን መጽሐፍ በበርካታ ዳይሬክተሮች ማሠራት ነበር። ውሎ አድሮ ጠቦ፣ በአንድ አሜሪካዊ ዳይሬክተር እጅ፣ ከኦሪት ዘፍጥረት መጀመሪያ እስከ አብርሃምና ይስሐቅ ያለው ብቻ ሆነ። ለዚህ ፊልም የኖኅ መርከብ ተሠራ፤ የባቢሎን ግንብም ተሠራ። ዳይሬክተሩ ራሱ ኖኅን ሆኖ ተጫወተ፤ እንስሶቹን እየመራ ወደ መርከቡ አስገባ።

እንዲህ ላለ ሥራ የራስ ግቢ ይጠቅማል። መርከብ ለማቆም ሰፊ ሜዳ ያስፈልጋል፤ አንበሳና ዝሆን በተከራዩት ቤት አይገባም፤ ለወራት የቆመ ግንባታ የሚያስነሣ አከራይም አይኖርም። ፊልሙ በ1966 ወጣ፤ በአሜሪካም በዚያ ዓመት ከፍተኛ ገቢ ካገኙት አንዱ ሆነ። ይሁን እንጂ ወጪው እጅግ ብዙ ስለነበር ያ ሁሉ ገቢ ብዙም ትርፍ አልተረፈውም።

እንደኔ ግምት ግቢውን የጎዳው ይህ ፊልም ነው፤ ስለከሸፈ ሳይሆን ስለተሳካ። መርከቡን ያየ ሰው ሁሉ «ይኸው፣ ስቱዲዮው ለዚህ ነበር» ይላል። ግን የኖኅ መርከብ በየዓመቱ አይሠራም። ግቢው የተለካው ለትልቁ ፊልም ነው፤ በየዓመቱ የሚመጡት ግን ትንንሾቹ ናቸው።

ችግሩ፦ የማስቶርና ግንባታ

ዴ ላውሬንቲስና ፌሊኒ ተዋውቀው፣ ተጣልተው፣ እንደገና የተገናኙ ሰዎች ናቸው። በ1960 የወጣውን «ላ ዶልቼ ቪታ» መጀመሪያ ይዞት የነበረው ዴ ላውሬንቲስ ነበር። ለዋናው ገጸ ባሕርይ አሜሪካዊ ኮከብ ፈለገ፤ ፌሊኒ ጣሊያናዊውን ተዋናይ አልለቅም አለ። ፊልሙ ወደ ሌላ ፕሮዲዩሰር ሄደና ዓለምን አዳረሰ። ስለዚህ በ1960ዎቹ አጋማሽ ሁለቱ እንደገና ሲፈራረሙ ፕሮዲዩሰሩ ያመለጠውን ለመካስ ቸኩሎ ነበር ብዬ አምናለሁ። ቸኩሎ የፈረመ ሰው ቶሎ እንዲገነባ ያዛል።

የፊልሙ ርዕስ «የጂ. ማስቶርና ጉዞ» ነበር። ማስቶርና ሴሎ ተጫዋች ነው። ወደ ኮንሰርት ሲበር አውሮፕላኑ በበረዶ ማዕበል ይያዝና በአንድ ከተማ አደባባይ፣ በካቴድራል ፊት ለፊት ተገዶ ያርፋል። ሰውየው ወርዶ መንገዱን ይፈልጋል፤ ቋንቋው አይገባውም፣ ባቡሩ አይመጣም። የሞተ መሆኑን አያውቅም።

ለዲዛይነሩ የመጀመሪያው ጥያቄ ግልጽ ነው፤ አውሮፕላንና ካቴድራል በአንድ አደባባይ። ይህን በእውነተኛ ከተማ መቅረጽ አይታሰብም። በ1966 በዲኖቺታ ሜዳ የጀርመኑን የኮሎኝ ካቴድራል የመሰለ ፊት ቆመ፤ የመንገደኛ አውሮፕላንም አካል ተሠራ። ልብሱ ተዘጋጀ፣ ሰው ተቀጠረ፣ የቀረጻው ጊዜ ተቆረጠ።

ያልተቆረጠው ግን ማስቶርናን ማን እንደሚጫወተው ነበር። ከዚያም በላይ ዳይሬክተሩ ራሱ አልቆረጠም። በመስከረም 1966 ፌሊኒ ለፕሮዲዩሰሩ ደብዳቤ ጻፈ፤ ፊልሙን መጀመር አልችልም የሚል። ስለ ምክንያቱ ብዙ ተወርቷል፤ የቱሪን ሰው የሆነ አንድ አዋቂ «ይህን ፊልም አትሥራ» ብሎታል እስከሚለው ድረስ። ወሬውን ለወሬኞች ልተወው። ከሥራ አንጻር የሆነው ግን ዳይሬክተሩ በልቡ ያልጨረሰው ፊልም ቀድሞ በእንጨትና በጀሶ መቆሙ ነው።

እዚህ ላይ ሥራውን የምናውቅ ሰዎች አንድ የምናየው ነገር አለ። ዳይሬክተር በወረቀት ላይ ሲያመነታ ማንም አይጨነቅም፤ ጽሑፉ ይታረማል። አናጢዎች መሰላል ላይ ከወጡ በኋላ ግን እያንዳንዱ የማመንታት ቀን ዋጋ አለው፤ ዳይሬክተሩም ያንን ያውቀዋል፤ ማወቁም ይበልጥ ያስፈራዋል። ካቴድራሉ ፌሊኒን ይረዳዋል ተብሎ ተሠራ። እኔ ግን በየቀኑ «መቼ ነው?» እያለ የሚጠይቀው የአበዳሪ ፊት ይመስለኛል።

የተወሰዱት እርምጃዎች

መጀመሪያ ዴ ላውሬንቲስ ወደ ፍርድ ቤት ሄደ። የፍርድ አፈጻጸም ሠራተኞች በባሕር ዳር መንደሯ በፍሬጌኔ ወዳለው የፌሊኒ ቤት ሄደው ንብረቱን አገዱ። በሕግ በኩል ፕሮዲዩሰሩ አቋም ነበረው፤ ውል አለ፣ ወጪ ወጥቷል፣ ግንባታው ለዓይን ይታያል። በሥራ በኩል ግን ከእርምጃዎቹ ሁሉ ትንሹን ፍሬ ያፈራው ይህ ነው። ንብረት በማገድ ዕዳ ይሰበሰብ ይሆናል፤ ሰው ግን በፍርድ ቤት ትእዛዝ ፊልም አይፈጥርም። ከዚህም የከፋ ነገር ነበር። ክሱ በቆየ ቁጥር ግንባታው መፍረስ አይችልም፤ ማስረጃም ተስፋም ነውና። አደባባዩ ለሌላ ሥራ መዋል ሲገባው በማይቀረጽ ካቴድራል ተይዞ ቀረ።

ቀጥሎ ታረቁ። በ1967 መጀመሪያ ሁለቱ እንደገና ተስማሙ፤ ለዋናው ገጸ ባሕርይም ሌላ ጣሊያናዊ ተዋናይ ተያዘ። ዕርቁ ከልብ ይሁን ከድካም አላውቅም፤ የፊልሙ ሥራ ግን እንደገና ተንቀሳቀሰ። በሚያዝያ ፌሊኒ በጠና ታመመና ሆስፒታል ገባ። ሲያገግም ፊልሙ የበለጠ ርቆት ነበር። ተስፋ ያደረገው ተዋናይም በበኩሉ ቅሬታ ያዘ። አንድ ክስ ለመዝጋት የተደረገ ዕርቅ ሌላ ጥያቄ ወለደ።

የሠራው ሦስተኛው መንገድ ነው፤ ከሦስቱም ያነሰ ኩራት ያለበት። ሌላ ጣሊያናዊ ፕሮዲዩሰር መጣና ፌሊኒን ከውሉ ገዛው። ለዴ ላውሬንቲስ ተከፈለው፤ ፌሊኒ ነጻ ወጣ። በአዲሱ ፕሮዲዩሰር ገንዘብ በ1969 ከጥንቷ ሮም ሥነ ጽሑፍ የተወሰደ ትልቅ ፊልም ሠራ። ሁለቱም ወገን ከፍርድ ቤት የማያገኙትን ከአንድ ግብይት አገኙ።

ካቴድራሉና አውሮፕላኑ በሜዳው ላይ ቀሩ። ፌሊኒ ለአሜሪካ ቴሌቪዥን በሠራው በ1969 በታየ አጭር ዘጋቢ ፊልም ወደዚያ ተመልሶ ሄዷል። ሣር በቅሎ፣ የአውሮፕላኑ አፅም ቆሞ፣ ወጣቶች በፍርስራሹ መካከል ሰፍረው ይታያል። ለማስቶርና ከወጣው ገንዘብ ተመልካች ያየው ይህን ብቻ ነው፤ ያም የሌላ ፊልም ትዕይንት ሆኖ። ፌሊኒ በ1993 እስኪሞት ድረስ ማስቶርናን አልቀረጸውም።

በዚያው ግቢ፣ በመስታወት

ስለ ዲኖቺታ ሲወራ ይህ ክፍል ብዙ ጊዜ ይዘለላል። በዚያው በ1967 በግቢው ውስጥ ሌላ ፊልም ይቀረጽ ነበር፤ ከታወቀ የጣሊያን የሥዕል ታሪክ መጽሔት የተወሰደ የአንድ ጭምብለኛ ሌባ ታሪክ። ዳይሬክተሩ በሙያው ካሜራማን ነበር፤ አባቱም ቀራፂና የካሜራ ባለሙያ ነበር። ታሪኩ ከመሬት በታች ያለ ግዙፍ ዋሻ ይፈልጋል። ፕሮዲዩሰሩ ለዚህ ገንዘብ መድቦ ነበር።

ዳይሬክተሩ ዋሻውን አልገነባውም፤ ሣለው። ዘዴው ከድምፅ አልባው ፊልም ዘመን የመጣ ነው። በካሜራውና በተዋናዮቹ መካከል መስታወት ይቆማል። የዋሻው ጣሪያ፣ ግድግዳና ደረጃ በመስታወቱ ላይ ይሣላል፤ ተዋናዩ የሚቆምበት ቦታ ብቻ ሳይሣል ይተዋል። ከካሜራው ዓይን ሲታይ ሥዕሉና ሰውየው አንድ ይሆናሉ። ሰውየው ከተተወለት ቦታ ከወጣ ዋሻው ይበላሻል፤ ስለዚህ እንቅስቃሴው በጣት የሚለካ ነው። የተገነባው ተዋናዩ የሚነካው ወለልና ጥቂት ዕቃ ብቻ ነበር።

ዳይሬክተሩ ከተፈቀደለት ገንዘብ እጅግ ያነሰ አውጥቶ ጨረሰ። ፕሮዲዩሰሩ ተገርሞ በቀረው ገንዘብ ሁለተኛ ክፍል እንዲሠራ ጠየቀው፤ ዳይሬክተሩ እምቢ አለ። ከሜዳው ማዶ ካቴድራል ዝናብ ሲመታው፣ ከሜዳው ወዲህ አንድ ሰው በብሩሽና በመስታወት ዋሻ ሠርቶ ወደ ቤቱ ሄደ። ለዲዛይን ተማሪ ይህን አንድ ዓመት ብቻ ብታስተምሩት ይበቃዋል እላለሁ።

ሕጉና የግቢው መዘጋት

በኅዳር 1965 ጣሊያን አዲስ የሲኒማ ሕግ አወጣች፤ ቁጥሩ 1213 ነው። የመንግሥት ድጋፍ የሚያገኘው ፊልም በሠራተኛውና በአሠራሩ ጣሊያናዊ መሆን ይገባዋል አለ። ለአገር ውስጥ ፊልም ሠሪው መከላከያ ነበር። በአሜሪካዊ ዳይሬክተርና በውጭ ኮከቦች ለዓለም ገበያ የሚሠራውን ሰው ግን መታው። ዴ ላውሬንቲስ ከአገሩ ለመውጣቱ ይህን ሕግ ሲወቅስ ኖሯል።

ሕጉን ብቻ ማመኻኘት ግን ልክ አይመስለኝም። ስለ ናፖሊዮን የመጨረሻ ጦርነት የሚተርከውን፣ በ1970 የወጣውን «ዋተርሉ»ን እንውሰድ። ያን ያህል ግዙፍ ፊልም፣ ዋናው የጦር ሜዳው የተቀረጸው ከዲኖቺታ ርቆ በሶቪየት ዩክሬን ነው። የሶቪየት ጦር ከአሥራ አምስት ሺህ ያላነሰ ወታደር ሰጠ፤ ኮረብታ ተደለደለ፣ መንገድ ተሠራ፣ ሰብል ተዘራ። ሰውየው የራሱ ስቱዲዮ እያለው ትልቁን ሥራ ርካሽ ጉልበት ወዳለበት ወሰደው፤ ትክክልም ነበር፤ ማንም ነጋዴ ይህን ያደርጋል። ይህ ግን ግቢው ለባለቤቱም ቢሆን ሁልጊዜ የሚያዋጣ እንዳልነበር ያሳያል። ፊልሙ በገበያ ወደቀ። በ1970ዎቹ መጀመሪያ ዲኖቺታ ተዘጋ፤ ዴ ላውሬንቲስም ወደ አሜሪካ ሄደ።

ሁለተኛው ሙከራ

አሜሪካ እንደደረሰ የሆነው የሚገርም ነው። ግቢ አልነበረውም፤ ሥራው ግን ቀና። በ1973 ስለ አንድ ሐቀኛ የኒው ዮርክ ፖሊስ፣ በ1975 ስለ አንድ የስለላ ድርጅት ሠራተኛ ፊልም አሠራ፤ ሁለቱም በእውነተኛው የኒው ዮርክ ጎዳና ላይ። በ1976 ግን የመገንባት ጠባዩ ተመለሰ። ለግዙፉ ጎሪላ ፊልም ቁመቱ 12 ሜትር ገደማ የሆነ የብረት እንስሳ አሠራ፤ ማስታወቂያውም በእርሱ ላይ ቆመ። በፊልሙ ውስጥ ብረቱ የሚታየው ለጥቂት ሰከንዶች ነው። የቀረውን የጎሪላ ልብስ የለበሰ ሰው ተጫወተው።

ከዚያ በሰሜን ካሮላይና፣ ዊልሚንግተን ከተማ አካባቢ አንድ ፊልም ሲያሠራ ቦታውን ወደደው፤ በ1984 እዚያ ስቱዲዮ ከፈተ። የሠራተኛ ማኅበር ጫና ቀላል ነበር፣ ጉልበቱም ከሆሊውድ ርካሽ። ግቢው ውስጥ የኒው ዮርክ ቻይናውያን ሰፈር ጎዳና ተሠራ። ብዙም ሳይቆይ የራሱን የማከፋፈያ ኩባንያ አቋቁሞ ለአክሲዮን ገበያ አቀረበው። ከተከታታይ ኪሳራ በኋላ ኩባንያው በ1988 ከሰረ።

ታሪኩ የዲኖቺታ ድጋሚ ይመስላል፤ አይደለም። ባለቤቱ ከሄደ በኋላ የዊልሚንግተን ስቱዲዮ አልሞተም። ከእጅ ወደ እጅ እየተላለፈ ለሌሎች ፊልሞችና ለቴሌቪዥን ድራማ ይከራይ ጀመር። ከሮም ከመጡ ባለሙያዎች ሥር ሙያ የለመዱ የከተማው አናጢዎች፣ ኤሌክትሪሺያኖችና ቀለም ቀቢዎች እዚያው ቀሩ፤ እነርሱን ብሎ የሚመጣ ሥራ ተገኘ። ዲኖቺታ አጠገብ ግን ከእርሱ የበለጠ፣ በመንግሥት የሚደገፍ ቺኔቺታ ነበር። ባለቤቱ ሲሄድ «እኔ ልከራየው» የሚል ብዙም አልነበረም።

ለወዳጄ የነገርኩት

ለዚያ ፕሮዲዩሰር በመጨረሻ «አንተ በሌለህበት ዓመት ግቢህን ማን ይከራየዋል?» አልኩት። መልሱ የሰው ስም ከሆነ ይሥራ፤ ዝም ካለ ግን ስቱዲዮ ሳይሆን ዕዳ ነው የሚገነባው። ግድግዳ የራሱ ፍላጎት አለው፤ ባዶ መሆን አይወድም። ባለቤቱ ፊልም የሚመርጠው «ይህ ታሪክ ጥሩ ነው?» ብሎ መሆኑ ቀርቶ «ይህ ታሪክ አዳራሹን ይሞላል?» ብሎ ይሆናል። ዴ ላውሬንቲስ ጥሩ የመምረጥ ዓይን ነበረው፤ ያ ዓይን ንጹሕ ሆኖ የሠራው ግቢ በሌለው ዓመታት ነው።

ሁለተኛው ነገር ዲዛይነሮችን ይመለከታል፤ እኔንም ጭምር። ግንባታ ስንጀምር ደስ ይለናል፤ ዳይሬክተሩ ገና ያልወሰነውን እኛ በእንጨት እንወስንለታለን። ከማስቶርና በኋላ እኔ አንድ ልማድ ይዣለሁ። ዋናው ተዋናይ ሳይፈርም ከአንድ ክፍል በላይ አላቆምም። ዳይሬክተሩ ቸኩሎ ሙሉ ቤት ካዘዘኝ፣ መጀመሪያ በካርቶን ሠርቼ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጥለታለሁ። በካርቶኑ ላይ ሦስት ቀን ካመነታ በጀሶው ላይ ሦስት ወር ያመነታል። አንዳንዱ ይቀየመኛል። ወጪውን የሚከፍለው ግን ተቀይሞኝ አያውቅም።

ውሉ ላይ ደግሞ ዳይሬክተሩ ባይጀምር ግንባታው የማን እንደሚሆን፣ በስንት ቀን እንደሚፈርስ፣ እንጨቱን ማን እንደሚወስድ ይጻፍ አልኩት። ፊልም ሳይጀመር ስለ ማፍረስ ማውራት ሟርት ይመስላል፤ እርሱም «አፍህን በለው» አለኝ። በማስቶርና ላይ ግን የጎደለው እርሱ ነው። ክሱ ሲጎተት ካቴድራሉን ለማፍረስም ለመጠቀምም ሥልጣን ያለው ሰው አልነበረም።

ወዳጄ እስካሁን አልገነባም። መሬቱን ግን አጥሮታል።

ግቢው ዛሬ

የዲኖቺታ መሬት ለረጅም ዘመን ያለ ብዙ ሥራ ቆየ። ዴ ላውሬንቲስ በኅዳር 2010 በ91 ዓመቱ አረፈ። በ2014 በዚያው በካስቴል ሮማኖ መሬት ላይ «ቺኔቺታ ወርልድ» የተባለ የመዝናኛ ፓርክ ተከፈተ። ንድፉን ያወጣው ሦስት ጊዜ ኦስካር የተሸለመ፣ ፌሊኒ በኋለኛ ዘመኑ የሠራቸውን በርካታ ፊልሞች የነደፈ ጣሊያናዊ ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ነው። መግቢያው በ1914 ከወጣ ድምፅ አልባ የጣሊያን ፊልም የተወሰደ የአረማውያን ቤተ መቅደስ ፊት ነው፤ አፉን ከፍቶ የሚጠብቅ ግዙፍ ጣዖት። ልጆች ከወላጆቻቸው ጋር ትኬት ቆርጠው በአፉ ውስጥ ያልፋሉ።